ከእጅ ወደ እጅ የሚተላለፈው ፕሮግራም

ከጎንደር ተነሥቶ ወደ ደባርቅ በሚወጣው አውራ ጎዳና ላይ የምትገኘው አምባ ጊዮርጊስ የወገራ ገብስና ባቄላ የሚሰበሰብባት ደገኛ ከተማ መሆኗ የታወቀ ነው። በገበያዋ ለዘር የሚሆን ገብስ የሚገዛ ገበሬ እህሉን በመዳፉ ዘግኖ ሳያይ፤ ከየትኛው ቀበሌ፣ ከማን ማሳ እንደ መጣ ሳይጠይቅ ገንዘቡን አያወጣም። የጥንቃቄው ምክንያት ግልጽ ነው፤ መጥፎ ዘር የገዛ ሰው የሚጎዳው በገበያው ቀን ሳይሆን በመኸሩ ነውና። ነገር ግን ይኸው ጠንቃቃ ገበሬ በዚያው ዕለት ስልኩን ለሞባይል ጠጋኙ ወጣት ሰጥቶ «ልጄ፤ ይህን ነገር አስተካክልልኝ» ሲለው፤ ወጣቱም «እሺ አባባ» ብሎ ሲቀበለው፤ በስልኩ ላይ የሚጫነው ፕሮግራም ከየት እንደ መጣ፣ ማን እንደ ሠራው፣ በመካከሉስ ማን እንደ ነካካው አይጠይቅም። የሚጠይቅበትም ቃል አልተሰጠውም።

ይህን ስንል ነገሩን ለማጋነን አይደለም። ስለ ኮምፒዩተርና ስለ ስልክ ደኅንነት በየጊዜው የሚነገረው ምክር «ከታመነ ምንጭ ብቻ አውርዱ» የሚል ነው። ምክሩ ትክክል ነው። ሆኖም የታመነ ምንጭ ማለት ምን እንደ ሆነ፣ በወገራና በስሜን ተራሮች ግርጌ ለሚኖር ሰው ይህ ምንጭ የት እንደሚገኝ፣ ሳይገኝ ቢቀርስ ምን እንደሚደረግ ስለማይነገር፤ ምክሩ በአንድ ጆሮ ገብቶ በሌላው ይወጣል። ስለዚህ በዛሬው ሐተታችን ነገሩን ከሥሩ ለመመርመር አስበናል።

በመጀመሪያ ጉዳዩ ዛሬ ለምን አሳሳቢ እንደ ሆነ እንመልከት። ከጥቂት ዓመታት በፊት ስልክ የወሬ መለዋወጫ ዕቃ ነበር፤ ቢበላሽም ቢሰረቅም ጉዳቱ ከስልኩ ዋጋ ብዙም አያልፍም ነበር። ግንቦት 3 ቀን 2013 ዓ.ም. ኢትዮ ቴሌኮም ቴሌብርን ሥራ ካስጀመረ ወዲህ ግን ሁኔታው ተለውጧል። የቴሌብር ደንበኞች ቁጥር ከ50 ሚሊዮን በላይ ደርሷል፤ ባንኮችም እያንዳንዳቸው የየራሳቸውን የስልክ ፕሮግራም አውጥተዋል፤ ከ2015 ዓ.ም. ጀምሮ ነዳጅ በዲጂታል ክፍያ እንዲሸጥ ስለ ተወሰነ ባለ ባጃጁም ሳይቀር ለቤንዚን የሚከፍለው በስልኩ ሆኗል። የመምህሩ ደመወዝ፣ እኅት ከዐረብ አገር የላከችው ገንዘብ፣ የበሬው ሽያጭ ዞሮ ዞሮ በዚያች ስልክ ውስጥ ያድራል። እንግዲህ በስልኩ ላይ የተጫነ አንድ ክፉ ፕሮግራም የቤተሰቡን ጥሪት ሊያገኝ ይችላል ማለት ነው።

የአሠራሩም ዘዴ ብዙ ምሥጢር የለበትም። ሐሰተኛው ፕሮግራም ሲጫን «አጭር መልእክት ላንብብ» ብሎ ፈቃድ ይጠይቃል፤ ባለቤቱም ሳያነብ «እሺ» የሚለውን ይጫናል። ከዚያ በኋላ ባንኩ ለማረጋገጫ የሚልከው የምሥጢር ቁጥር ለባለቤቱ ከመድረሱ በፊት ለሌባው ይደርሳል። ከዚህም የከፋ አለ። በአንድሮይድ ስልኮች ላይ ዐይነ ስውራንን ለመርዳት ተብሎ የተሠራ፣ በመስታወቱ ላይ ያለውን ሁሉ የሚያነብና በባለቤቱ ፈንታ የሚጫን አንድ የፈቃድ ዐይነት አለ። ይህን ፈቃድ ያገኘ ክፉ ፕሮግራም እውነተኛው የባንክ ፕሮግራም ሲከፈት በላዩ ላይ እርሱን የሚመስል ገጽ ዘርግቶ ፒኑን ይቀበላል። ይህ ከሆነ በኋላ ባለቤቱ ስልኩን ከትራሱ ሥር ሸጉጦ ቢተኛ ምን ይጠቅመዋል? ኢትዮ ቴሌኮምም ባንኮችም ፕሮግራማቸው ከራሳቸው ገጽና ከታወቁት መደብሮች ብቻ እንዲወርድ ደጋግመው የሚያሳስቡት ስለዚህ ነው።

እንግዲህ ፕሮግራም ወደ አምባ ጊዮርጊስ፣ ወደ ዳባትና ወደ ደባርቅ የሚደርሰው በምን መንገድ ነው? አንደኛው መንገድ ጉግል ፕሌይ የሚባለው መደብር ነው፤ ለአይፎን ባለቤቶችም የአፕል መደብር አለ። ይህ መንገድ ግን ኢንተርኔት ይፈልጋል፤ ኢንተርኔትም ገንዘብ ይፈልጋል። አንድ መቶ ሜጋባይት የሚመዝን ፕሮግራም ለማውረድ የሚወጣው ሒሳብ ለከተሜው ቀላል ቢመስልም ለተማሪው ቀላል አይደለም። ስለዚህ አንድ ሰው ያወረደውን ሌላው በዜንደር ወይም በሼርኢት ይቀበለዋል፤ ከእርሱም ሦስተኛው፣ ከሦስተኛውም አራተኛው ይወስዳል። የሞባይል ቤቱም ዘፈኑን፣ ፊልሙንና ፕሮግራሙን በአንድ ሜሞሪ ካርድ አጭቆ በጥቂት ብር ይሸጣል። በቴሌግራም ቻናል የሚለጠፈውም ፋይል እንዲሁ ባለቤቱ የማይታወቅ ነው፤ የቻናሉ ስም ያምራል፤ ተከታዩ ብዙ ነው፤ ፋይሉን ማን እንደ ሠራው ግን አይታወቅም።

በዚህ ላይ ሁለት ነገሮች ተጨመሩ። በየካቲት 2015 ዓ.ም. በኦርቶዶክስ ተዋሕዶ ቤተ ክርስቲያን ውስጥ በተነሣው ችግር ጊዜ ፌስቡክ፣ ቴሌግራም፣ ቲክቶክና ዩቲዩብ ተገድበው ለወራት ሲቆዩ በመላው አገሪቱ ሕዝቡ ቪፒኤን የሚባለውን ፕሮግራም ፍለጋ ወጣ። ቀጥሎም ከሐምሌ 2015 ዓ.ም. መጨረሻ ጀምሮ በአማራ ክልል ከተፈጠረው የጸጥታ ችግር ጋር የሞባይል ኢንተርኔት ተቋርጦ ለብዙ ወራት ቆየ። መደብሩ ሲዘጋ ሰው መገበያየቱን አይተውም፤ ወደ ጓሮ ይዞራል እንጂ። ከእጅ ወደ እጅ መቀባበል ቀድሞ ገንዘብ ለመቆጠብ የሚደረግ ነገር ነበር፤ በዚያን ጊዜ ግን ብቸኛው መንገድ ሆነ፤ ልማድ ደግሞ ምክንያቱ ካለፈ በኋላም ይኖራል።

ስለ ቪፒኤን አንድ ነገር መናገር ይገባል። ቪፒኤን ማለት የሰውየውን የኢንተርኔት መልእክት ሁሉ ተቀብሎ በራሱ በር የሚያሳልፍ ፕሮግራም ነው። በሌላ አነጋገር ሰውየው ደብዳቤውን ሁሉ ለአንድ መልእክተኛ ያስረክባል። መልእክተኛው የታወቀና የታመነ ከሆነ ደግ ነው። ስሙ ካልታወቀ፣ ዋጋ ካልጠየቀ፣ አድራሻው ከሌለ ግን ትርፉን ከየት እንደሚያገኝ መጠየቅ የሚያስፈልግ ይመስለናል። በችኮላና በጭንቅ ጊዜ የሚወርድ ፕሮግራም ከሁሉ የሚያሰጋውም በዚህ የተነሣ ነው።

መደብሩ ሲርቅ ሰው ወደ ቅርቡ መዞሩ የእኛ አገር ጠባይ ብቻ እንዳልሆነ የሚያስረዳ አንድ ታሪክ አለ። በመስከረም 2008 ዓ.ም. በቻይና አገር ለአይፎን ፕሮግራም የሚሠሩ ሊቃውንት ራሳቸው ተታለው ተገኙ። የሚሠሩበት ኤክስኮድ የተባለው መሣሪያ ከአፕል ኩባንያ ዘንድ በነጻ ይገኛል፤ ነገር ግን ፋይሉ ትልቅ፣ ከውጭ አገር የሚመጣበትም መስመር ዘገምተኛ ስለ ነበረ፤ ብዙዎቹ በአገራቸው ውስጥ በሚገኝ ፈጣን ማከማቻ ላይ የተቀመጠውን ቅጂ ወሰዱ። ያ ቅጂ የተነካካ ነበር። በእርሱ የተሠራው ፕሮግራም ሁሉ ሠሪው ሳያውቅ ክፉውን ነገር ይዞ ወጣ፤ በብዙ መቶ ሚሊዮን ሕዝብ የሚሠራበት ዊቻት እንኳ አንደኛው ቅጁ ተበክሎ ተገኘ። ከዚህ የምንረዳው፤ የተማረ ሰውም ቢሆን እውነተኛው ምንጭ ሲርቅበትና ሲዘገይበት ወደ ቅርቡ እንደሚሄድ ነው። ስለዚህ የአምባ ጊዮርጊስን ተማሪ «አላዋቂ» ብሎ መውቀስ ነገሩን አለመረዳት ይሆናል።

አሁን ወደ ማኅተሙ ነገር እንግባ። ይህ ነጥብ ከሁሉ የሚጠቅም ስለ ሆነ ጥቂት ሰፋ አድርገን እንናገራለን።

እያንዳንዱ የአንድሮይድ ፕሮግራም ከሠሪው እጅ ሲወጣ ሠሪው ብቻ በሚያውቀው ቁልፍ የታተመ የዲጂታል ማኅተም አለበት። ፋይሉን በመካከል የነካው ሰው ቢኖር ማኅተሙ ይፈርሳል፤ አዲስ ማኅተም ሊያደርግበት ይችላል፤ የፊተኛውን ሠሪ ማኅተም ግን ሊያደርግ አይችልም። ስልኩም ይህን ያውቃል። እውነተኛው ዋትስአፕ በተጫነበት ስልክ ላይ፣ የተለየ ማኅተም ያለበት ሌላ «ዋትስአፕ» በዚያው ስም በላዩ ለመጫን ቢሞከር ስልኩ «አልተጫነም» ብሎ ይመልሰዋል። ይህ መልስ ስልኩ ባለቤቱን ለመጠበቅ የተናገረው ትልቅ ቃል ነው። ነገር ግን በየሞባይል ቤቱ ምን ይደረጋል? «ስልኩ እንቢ አለ፤ መጀመሪያ የቀድሞውን አጥፋው» ተብሎ እውነተኛው ይሰረዝና ሐሰተኛው ይጫናል። ዘበኛው ሌባ አላስገባም ስላለ ዘበኛውን ማባረር ማለት ይህ ነው።

ጂቢ ዋትስአፕ፣ ኤፍኤም ዋትስአፕ የሚባሉት ባለ ብዙ ጌጥ ፕሮግራሞች የዚህ ወገን ናቸው። የዋትስአፕ ባለቤት አልሠራቸውም፤ በጉግል ፕሌይም አይገኙም፤ በእኛ አገር ግን ሰው እንደ ልብስ ፋሽን ይመርጣቸዋል። በነሐሴ 2013 ዓ.ም. ካስፐርስኪ የተባለው የሩሲያ የኮምፒዩተር ደኅንነት ኩባንያ ከኤፍኤም ዋትስአፕ ቅጂዎች በአንዱ ውስጥ ትሪያዳ የሚባል ክፉ ፕሮግራም እንዳገኘ አስታውቋል። ትሪያዳ በስልኩ ውስጥ ከተቀመጠ በኋላ ሌሎች ክፉ ፕሮግራሞችን በስውር እየጠራ ያስገባል፤ ባለቤቱ ሳያውቅም የሚያስከፍል አገልግሎት ውስጥ ያስመዘግበዋል። የካርድ ሒሳብ ሳይደወልበት የሚያልቅበት ሰው ቴሌን ከመውቀሱ በፊት ስልኩ ላይ ምን እንደ ተጫነ ቢመለከት መልካም ነው።

ማኅተሙ ግን አንድ ጉድለት አለው። ስልኩ ማኅተምን ከማኅተም የሚያስተያየው እውነተኛው ፕሮግራም ቀድሞ ተጭኖ ሲገኝ ነው። በአዲስ ስልክ ላይ መጀመሪያ የተጫነው ሐሰተኛው ከሆነ፣ ስልኩ የሚያስተያይበት ነገር የለውም፤ ያንኑ ሐሰተኛ እንደ ባለቤት ይቀበለዋል። ስለዚህ የመጀመሪያው ጭነት ከሁሉ የሚበልጥ ጥንቃቄ ይፈልጋል። የባንክና የቴሌብር ፕሮግራም ቢያንስ የመጀመሪያው ጊዜ ከመደብሩ ወይም ከባለቤቱ መሥሪያ ቤት እጅ መውረድ አለበት ብለን አጥብቀን የምንናገረው በዚህ ምክንያት ነው። ከጓደኛ በዜንደር የመጣ ቢሆን እንኳ ጓደኛው ከመደብር ያወረደውን ሳይነካ ካስተላለፈው ማኅተሙ እንዳለ ይቆያል፤ በዜንደር መምጣቱ ብቻውን ጥፋት አይደለም። ጥፋቱ ከአሥራ አምስት እጅ በኋላ የመጀመሪያው እጅ የማን እንደ ነበረ የሚያውቅ አለመኖሩ ነው።

ስለ ስልክ ይህን ያህል ካልን ወደ መሥሪያ ቤቶች እንለፍ። በየወረዳው ጽሕፈት ቤት ያለውን ኮምፒዩተር የከፈተ ሰው ሦስት ነገሮችን ያገኛል፤ ዊንዶውስ፣ የጽሕፈት ፕሮግራምና አማርኛ መጻፊያ። ከእነዚህ ስንቱ ተገዝቶ የተጫነ ነው ተብሎ ቢጠየቅ መልሱ ብዙ የሚያኮራ አይመስለንም። አማርኛ ለመጻፍ ሁሉም የሚያውቀው ፓወር ግእዝ ነው፤ እርሱም በፍላሽ ከቢሮ ወደ ቢሮ ሲዞር የኖረ ነው። ኢትዮጵያዊ ሊቅ ለፍቶ የሠራውን ሥራ ያለ ዋጋ መውሰዳችን ራሱን የቻለ ነቀፋ ነው፤ የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996ም የኮምፒዩተር ፕሮግራምን እንደ ማናቸውም ድርሰት ይጠብቃል። የዛሬው ነገራችን ግን ከነቀፋው ይልቅ ስለ ጉዳቱ ነው። «ክራክ» የሚባለው፣ የፕሮግራሙን መቆለፊያ የሚሰብረው ትንሽ ፋይል ብዙ ጊዜ «መጀመሪያ አንቲቫይረሱን አጥፉ» ከሚል መመሪያ ጋር ይመጣል። ቤቴ የምትገባው ውሻህን ካሠርህ ብቻ ነው የሚል እንግዳ ማን ያስገባል? ቢሮዎቻችን ግን ያስገባሉ።

ከዚህም በላይ ያልተገዛ ዊንዶውስ የእድሳት ነገር አለበት። ብዙ ጊዜ የጫነው ሰው ራሱ «እንዳይታወቅ» ብሎ እድሳቱን ይዘጋዋል። ይህ ምን ያህል እንደሚያስከፍል ዓለም በግንቦት 2009 ዓ.ም. አይቷል። ማይክሮሶፍት በዊንዶውስ ውስጥ የነበረውን አንድ ቀዳዳ የሚደፍን እድሳት መጋቢት 5 ቀን 2009 ዓ.ም. አውጥቶ ነበር። ከሁለት ወር በኋላ፣ ግንቦት 4 ቀን፣ ዋናክራይ የተባለው ፋይል ቆልፎ ገንዘብ የሚጠይቅ ፕሮግራም በዚያው ቀዳዳ ገብቶ በ150 አገሮች ውስጥ ከ200,000 የሚበልጡ ኮምፒዩተሮችን ያዘ፤ በእንግሊዝ አገር ሐኪም ቤቶች በሽተኛ እስከ መመለስ ደረሱ። መድኃኒቱ ሁለት ወር ሙሉ በነጻ ተቀምጦ ነበር።

በአካባቢው ባሉት ኮምፒዩተሮች ውስጥ ያለው መዝገብ ቀላል ነገር አይደለም። በዳባት የጎንደር ዩኒቨርሲቲ የሕዝብና የጤና ክትትል ማዕከል እ.ኤ.አ. ከ1996 ጀምሮ የልደትና የሞት መዝገብ ሲይዝ ኖሯል፤ በደባርቅ ዩኒቨርሲቲው የተማሪ ውጤት፣ የስሜን ተራሮች ብሔራዊ ፓርክ ጽሕፈት ቤት የዱር አራዊት ቆጠራ፣ በየወረዳው የመሬት ይዞታ መዝገብ አለ። የይዞታ መዝገብ አንድ ቀን ተቆልፎ ቢያድር በገበሬው መካከል ስንት ክርክር እንደሚነሣ የወረዳ ፍርድ ቤቶች ያውቃሉ።

የሚያሳዝነው ይህ ሁሉ አደጋ አስፈላጊ አለመሆኑ ነው። የግእዝ ፊደል በዓለም አቀፉ የዩኒኮድ መዝገብ ውስጥ የገባው እ.ኤ.አ. በ1999 ነው። ከዊንዶውስ ቪስታ ጊዜ ጀምሮ የአማርኛ ፊደልና መጻፊያ ከዊንዶውስ ጋር አብሮ ይመጣል፤ ኪይማን የተባለው መጻፊያ ከሠሪዎቹ ዘንድ በነጻ ይገኛል፤ ሊብረኦፊስ የሚባለው የጽሕፈት ፕሮግራምም እንዲሁ ነጻ ነው። ጸሐፊዎቻችን በለመዱት የፊደል አቀማመጥ መጻፍ እንደሚቀላቸው አይካድም፤ አንድ የለመደ ጣት እንደገና ለማስተማር ሁለት ሳምንት ይፈጃል። ሆኖም በቀድሞው፣ ዩኒኮድ ባልሆነው ፊደል የተጻፈ የወረዳ ደብዳቤ ጎንደር ሲደርስ ተከፍቶ የላቲን ምልክት ድብልቅልቅ ሆኖ የሚገኝበትን ጊዜ ስናስታውስ፤ ሁለት ሳምንቱ ብዙ አይመስለንም።

ሐሰተኛ እድሳት ሰውን እንዴት እንደሚያጠምድ ከሁሉ የሚያስረዳው ታሪክ የደረሰው በእኛው ወገኖች ላይ ነው። ኅዳር 27 ቀን 2010 ዓ.ም. በካናዳ አገር በቶሮንቶ ዩኒቨርሲቲ የሚገኘው ሲቲዝን ላብ የተባለው የምርምር ቡድን ባወጣው ጥናት፣ በውጭ አገር በሚኖሩ ተቃዋሚ ኢትዮጵያውያን ላይ የተቃጣ የስለላ ዘመቻ ተገለጠ። ከኢላማዎቹ አንዱ በዚያን ጊዜ የኦሮሚያ ሚዲያ ኔትወርክ ሥራ አስኪያጅ የነበረው ጃዋር መሐመድ ነው። ለተጠቂዎቹ ቪዲዮ እንዲያዩ የሚጋብዝ ኢሜይል ይደርሳቸዋል። ማያያዣውን ሲጫኑ ኢስትአፍሮ የሚባለውን የታወቀ የቪዲዮ ገጽ የሚመስል፣ በአድራሻው መጨረሻ ላይ ብቻ ከእውነተኛው የሚለይ ገጽ ይከፈታል፤ «ፍላሽ ማጫወቻዎ አርጅቷል፤ ያድሱት» የሚል ማስታወቂያም ይወጣል። የሚወርደው እድሳት ሳይበርቢት በተባለ የእስራኤል ኩባንያ የተሠራ የስለላ ፕሮግራም ያዘለ ነበር። ጥናቱ አንቀሳቃሾቹን ከኢትዮጵያ ጋር አያይዞ፣ በስለላው የተያዙ ኮምፒዩተሮች በ20 አገሮች እንደ ታዩ ገልጿል። መርማሪዎቹ ይህን ሁሉ ያወቁት ሰላዮቹ የራሳቸውን መዝገብ ለሁሉ ክፍት አድርገው ስለ ተዉት መሆኑ የሚያስገርም ነው፤ የሰውን ቤት ሰብሮ የገባ የራሱን በር መዝጋት ረሳ።

ልብ ማለት የሚያስፈልገው፤ የተጠቁት ሰዎች የኢንተርኔት ችግር ያልነበረባቸው፣ ብዙ ያነበቡ፣ በሠለጠነ አገር የተቀመጡ ናቸው። የተያዙበትም መንገድ «አድስ» የሚለውን መልካም ምክር የሚመስል ነው። እንግዲህ ልዩነቱ በማደስና ባለማደስ አይደለም፤ እድሳቱን ማን ሰጠኝ በሚለው ነው። በድንገት በድረ ገጽ ላይ ብቅ ብሎ «አድሰኝ» የሚለውን ትቶ፣ ፕሮግራሙን ከፍቶ ከራሱ ከፕሮግራሙ ውስጥ ወይም ከመደብሩ ማደስ ይገባል። ፍላሽ ማጫወቻ ግን እ.ኤ.አ. በ2020 መጨረሻ ላይ ፈጽሞ ስለ ቀረ፣ ዛሬ «ፍላሽህን አድስ» የሚል ሁሉ ሐሰተኛ ነው።

«የታመነውስ ምንጭ ራሱ ቢበከል?» የሚል አንባቢ ይኖራል። ጥያቄው ተገቢ ነው። ሲክሊነር የተባለው የኮምፒዩተር ማጽጃ ፕሮግራም ከነሐሴ እስከ መስከረም መጀመሪያ 2009–2010 ዓ.ም. ድረስ ከራሱ ኩባንያ ገጽ፣ በራሱ ኩባንያ ማኅተም፣ ክፉ ነገር ይዞ ሲወርድ ቆይቶ ከሁለት ሚሊዮን በላይ ሰዎች ዘንድ ደርሷል። ለእኛ ይበልጥ የሚቀርበው ደግሞ በነሐሴ 2012 ዓ.ም. የተገለጠው ነው። ሴኪውር-ዲ የተባለው የደኅንነት አገልግሎት፣ ቴክኖ ደብልዩ 2 በሚባለው ርካሽ ስልክ ውስጥ ያው ትሪያዳ ገና ከሳጥኑ ሳይወጣ ተጭኖ እንደ ተገኘ አስታወቀ፤ ከ200,000 በሚበልጡ ስልኮች በኩል 19.2 ሚሊዮን አጠራጣሪ የክፍያ ሙከራዎች ተመዝግበው፣ ከበዙባቸው አገሮች አንዷ ኢትዮጵያ ነበረች። ኩባንያው በበኩሉ ጥፋቱን በአቅርቦት ሰንሰለቱ ውስጥ ባለ፣ ስሙን ባልገለጸው አቅራቢ ላይ አድርጓል። ድሀው በላቡ የገዛው አዲስ ስልክ ከነሌባው መምጣቱ ቢያስቆጣም አይፈረድም።

ነገር ግን ከዚህ ተነሥቶ «እንግዲያስ ሁሉም አንድ ነው» ማለት ስሕተት ይሆናል። የሲክሊነር ጥፋት በአንድ ወር ውስጥ የተገኘው፣ እርማቱም ለሁሉ የተላከው ባለቤት ስላለው ነው። የቴክኖውም ቢሆን የሚጠየቅ ኩባንያ ነበረው። በሜሞሪ ካርድ የዞረው ፋይል ሲበከል ማን ይደርስበታል? ማንስ ያርመዋል? የታመነ ምንጭ ማለት ሲሳሳት የሚጠየቅ ምንጭ ማለት ነው ብለን እንተረጉመዋለን። የኮምፒዩተር ወንጀል አዋጅ ቁጥር 958/2008 እንኳ የሚደርሰው ጎጂነቱን እያወቀ ባሠራጨው ላይ ነው፤ ምንም ሳያውቅ የገለበጠው የሞባይል ቤት ልጅ ከዚህ ውጭ ነው፤ ተጎጂው ግን ያው ተጎጂ ነው።

እንግዲህ በተግባር ምን ይደረግ? ኢንተርኔት ለማይደርሰው ሰው የሚሆን አንድ ቀላል ዘዴ አለና እርሱን እናስረዳ። ብዙ ፕሮግራም ሠሪዎች ከፋይሉ ጎን 64 ፊደልና ቁጥር የያዘ አንድ ረጅም ምልክት ይጽፋሉ፤ ስሙ ሻ-256 ይባላል። ይህ ምልክት ከፋይሉ በሒሳብ የሚወጣ ነው። በፋይሉ ውስጥ አንዲት ነጥብ ብትለወጥ ምልክቱ በሙሉ ይለወጣል። ከሚዛን የሚበልጠውም በዚህ ነው፤ አንድ ኩንታል ጥሩ ገብስ በአንድ ኩንታል እንክርዳድ ቢለወጥ ሚዛኑ ያው ኩንታል ይላል፤ ይህ ግን አይልም። ፋይሉ በፍላሽ ደባርቅ ቢደርስ ከዊንዶውስ ጋር በሚመጣው ሰርትዩቲል በተባለ መሣሪያ ምልክቱን ማውጣት ይቻላል፤ በአንድሮይድም ይህን የሚያደርግ ፕሮግራም አለ። ከዚያ ጎንደር ወይም አዲስ አበባ ያለ ዘመድ የሠሪውን እውነተኛ ገጽ ከፍቶ እዚያ የተጻፈውን በአጭር መልእክት ይልካል። 64 ምልክት በአንድ መልእክት ውስጥ ይገባል። መረጃ የሚተላለፍበት መስመር በተቋረጠበት፣ ድምፅና አጭር መልእክት ግን በሚሠራበት ስፍራ ይህ ዘዴ ይሠራል። ሁለቱ አንድ ከሆኑ ፋይሉ በሃያ ሰው እጅ አልፎ ቢመጣም ከሠሪው እንደ ወጣ ነው። አንድ ማስጠንቀቂያ ብቻ አለ፤ ምልክቱን የሚሰጠው ፋይሉን ያመጣው ሰው ራሱ ከሆነ ማመሳሰሉ ከንቱ ነው፤ ሌባው ምስክርም ሆነ ማለት ነውና።

እርግጥ ነው፤ ይህን ሁሉ እያንዳንዱ ገበሬ ያድርግ ማለት አይቻልም። እኛ የምናስበው ሌላ ነው። ምንጩ ከሩቅ ከሆነና ሰው ወደ ቅርቡ መሄዱ የማይቀር ከሆነ፣ በቅርብ የታመነ ምንጭ ማቆም ነው። ደባርቅ ዩኒቨርሲቲ የኮምፒዩተር መምህራንና ተማሪዎች አሉት። ቴሌብርን፣ የባንኮቹን ፕሮግራም፣ ሊብረኦፊስን፣ ኪይማንንና ከታወቀ ሠሪ የመጣ አንቲቫይረስን በየወሩ ከእውነተኛው ገጽ አውርደው፣ ማኅተማቸውንና ምልክታቸውን አይተው፣ በአንድ ዲስክ ይዘው ለየከተማው የሞባይል ቤቶች ቢያድሉ ወጪው ከአንድ ስብሰባ አበል አይበልጥም። የኢትዮ ቴሌኮም ሽያጭ ማዕከሎችም የራሳቸውን ፕሮግራም ለመጣው ደንበኛ ሁሉ ያለ ኢንተርኔት ሒሳብ መጫን አያቅታቸውም። የሞባይል ቤቱ ወጣት ጠላት አይደለም፤ የከተማው ሕዝብ የሚያምነው እርሱን ነው፤ በእጁ ጥሩ ነገር ቢሰጠው ጥሩውን ያሠራጫል። የኢንፎርሜሽን መረብ ደኅንነት አስተዳደር በአዲስ አበባ የሚያወጣው ማስጠንቀቂያ አምባ ጊዮርጊስ የሚደርሰው በዚህ ልጅ በኩል እንጂ በሌላ አይመስለንም።

ጊዜውም አይጠብቅም። ማይክሮሶፍት ለዊንዶውስ 10 ይሰጥ የነበረውን መደበኛ እድሳት ጥቅምት 4 ቀን 2018 ዓ.ም. አቁሟል፤ ከዚያ በኋላ የተጨማሪ ጊዜ እድሳት የሚያገኘው የተመዘገበ ተጠቃሚ ብቻ ነው። በቢሮዎቻችን ካሉት ኮምፒዩተሮች ብዙዎቹ ያረጁ ስለ ሆኑ ዊንዶውስ 11 የሚጠይቀውን አዲስ የደኅንነት መሣሪያ አያሟሉም። አንዳንዶቹ በነጻ ወደሚገኘው ሊኑክስ ሊለወጡ ይችላሉ፤ አንዳንዶቹ በአዲስ መተካት አለባቸው፤ ይህም በወረዳው በጀት የሚወሰን ነው። በዚህ መካከል ግን «በማንኛውም ኮምፒዩተር ላይ የሚጫን ዊንዶውስ 11» የያዘ ፍላሽ በኪሱ ከቶ የሚመጣ ሰው እንደማይጠፋ የታወቀ ነው። ያን ፍላሽ የሚቀበለው የቢሮ ኀላፊ ከመሰካቱ በፊት ፋይሉ ከየት እንደ ወረደ ይጠይቀው፤ ባለ ፍላሹ መልስ ከሌለውም ፍላሹን ይዞ ይመለስ።